የአክስቴን ባል በወረቀት የገደልኩ ጊዜ

አክስቴና ባላቸው ሁለት ዓመት ያህል ሳይነጋገሩ በአንድ ጣሪያ ሥር ኖረዋል። እኔ ያኔ የሰባተኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። ክረምት ሲገባ እናቴ ከደብረ ማርቆስ ታሳፍረኛለች፤ ይጁቤ ጥግ ካለው ቤታቸው እስከ ጳጉሜን እከርማለሁ። በዚያ ክረምት ስደርስ ግቢው እንደ ወትሮው ነበር፤ ላሚቱ ትታለባለች፣ ድንቹ ተኮትኩቷል፣ አጥሩ ታድሷል። የጎደለው ከበሩ ፊት ለፊት የነበረው ዋንዛ ብቻ ነው።

ጋሼ፣ የአክስቴን ባል እንዲህ ነው የምጠራቸው፣ አክስቴ ለእናታቸው ተዝካር ዲማ በሰነበቱበት ሳምንት ዛፉን አስቆርጠው በርና መስኮት አሠርተውበታል። ዋንዛውን አክስቴ የተከሉት ሙሽራ ሆነው በገቡበት ዓመት ነበር። ጋሼ ያማረ በር ሠርቼ ላስደስታት ብዬ ነው ይላሉ፤ መጠየቁን ግን አልጠየቋቸውም። አክስቴ ከመንገድ ገብተው በሩን አዩ፣ ጉቶውን አዩ፣ አልጮኹም። ሽማግሌም አልጠሩም። ዝም አሉ። ጋሼም እልኸኛ ናቸውና እሳቸውም ዝም አሉ።

ይሁን እንጂ የገበሬ ቤት ያለ ንግግር አይውልም፤ ዘር አለ፣ አረም አለ፣ ገበያ አለ። ስለዚህ ሁለቱም በአህያቸው በኩል መነጋገር ጀመሩ። አህያይቱ ሲመሽ ከማድቤቱ ደጅ ትታሰራለች። አክስቴ ብቅ ይሉና "አንቺ፣ ጌታሽን እራት ቀርቧል በዪው" ይሏታል። ጋሼ ከመደቡ ሳይነሡ "እመቤትሽን ነገ ገበያ እወርዳለሁ፤ የሚገዛ ካለ ትንገርሽ በያት" ይሏታል። አህያይቱ ገለባዋን ታኝካለች። መጀመሪያ ሰሞን ጋቢ ውስጥ ተሸፍኜ እስቅ ነበር። ሳምንት ሳይሞላ ግን እኔም መልእክቴን ለአህያይቱ መንገር ለመድኩ።

የሚቀጥለውን ክረምት በፈተና ምክንያት ሳልሄድ ቀረሁ። ከዚያ በኋላ ስሄድ ሁለቱ እንደ ማንም ባልና ሚስት ሲያወሩ፣ ሲጨቃጨቁም አገኘኋቸው። አህያይቱ የለችም፤ ጅብ በላት ተባልኩ። እንዴት እንደታረቁ አልጠየቅሁም። ልጅ ጠብ እንዴት እንደተነሣ ይጠይቃል እንጂ እንዴት እንደበረደ መች ይጠይቃል።

አድጌ እዚሁ ደብረ ማርቆስ የአማርኛ መምህርት ሆንኩ። በሃያ ስድስት ዓመቴ አንዲት ቀጭን የአጫጭር ልብ ወለዶች መድበል አሳተምኩ። ከሁሉም ረጅሙ ታሪክ የአክስቴና የጋሼ ነበር። ስም አልጠራሁም፤ አገሩንም ቀየርኩት። መጨረሻውን ግን አላውቀውም ነበርና ራሴ ፈጠርኩት። በእኔ ታሪክ ባልየው ሳይታረቅ ይሞታል፤ ሚስቲቱ ከሁለት ዓመት ዝምታ በኋላ የመጀመሪያውን ቃል የምትናገረው አስከሬኑ አጠገብ ቆማ ነው። ያኔ ሰው ያልሞተበት ታሪክ ጥልቅ አይባልም የሚል እምነት ነበረኝ። ያንን የመጨረሻ ገጽ ስጽፍ አልቅሻለሁ። ጋሼ በዚያ ሰዓት ይጁቤ ላይ በሬ ጠምደው ያርሱ ነበር።

መጽሐፌ ሩቅ አልሄደም። ግማሹ በስጦታ አለቀ፣ ግማሹ አልጋዬ ሥር ተቀመጠ። ከስንት ዓመት በኋላ፣ አምና ማለት ነው፣ አብሮኝ የሚያስተምር አንድ የኬሚስትሪ መምህር አንዷን ቅጂ ይዞ ወደ መምህራን ማረፊያው መጣ። የወሎ ልጅ ነው፤ ሲስቅም ሲከራከርም እጁ አያርፍም። በትርፍ ጊዜው የከተማውን የአማተር ቲያትር ቡድን ያዘጋጃል። አንድ የባንክ ሠራተኛ፣ አንዲት ነርስ፣ አንዲት ልብስ ሰፊ፣ ጥቂት ጡረተኞችም አሉበት። ሻዩን እንኳ ሳይጠጣ ታሪኩን ለመድረክ ላድርገው ወይ ብሎ ጠየቀኝ። ደስታዬን ደብቄ ትንሽ ያሰብኩ መሰልኩና እሺ አልኩት። አደራህን፣ ታሪኬን እንዳታበላሽብኝ አልኩት። እንደ ዓይኔ ብሌን እጠብቀዋለሁ አለኝ። የጻፍነው የለም፣ የተፈራረምነውም የለም። ነገሩ በሻይ አለቀ።

ከወር በኋላ ልምምድ እንዳይ ጋበዘኝ። ከኋላ ወንበር ተቀመጥኩ። ነርሷ ሚስት ሆናለች፤ የባንክ ሠራተኛው ባል። ዝምታው ሲጀመር አህያይቱ እስክትመጣ ጠበቅኩ። በአህያይቱ ፈንታ ልብስ ሰፊዋ ነጠላዋን አገልድማ፣ ጎረቤት ነኝ ብላ ገባች። ከሚስት ወደ ባል፣ ከባል ወደ ሚስት ቃል እየተቀበለች፣ በመንገድ እየቀየረች ታደርሳለች። "እራት ቀርቧል በዪው" የተባለችውን "ካልበላህ ለውሻ እሰጠዋለሁ ብላለች" አድርጋ ትናገራለች። ሰው ሁሉ ይስቃል። መጨረሻ ላይ ሽማግሌዎች ድንጋይ በአንገታቸው ተሸክመው መጡ፤ ባልና ሚስት እግር ለእግር ተሳሳሙ፣ እልልታ ቀለጠ፣ ከበሮ ተመታ። የሞተ ሰው የለም።

ሌሎቹ ሲወጡ እኔና እሱ ቀረን። አህያዬስ አልኩት። አህያ መድረክ ላይ ማውጣት እንደማይችል፣ ቢያወጣትም ሰው እሷን እንጂ ተዋናዮቹን እንደማያይ ነገረኝ። እሺ፣ ሞቱስ አልኩት። እጁ ለመጀመሪያ ጊዜ አረፈ።

"እህቴ" አለኝ፣ "በዚህ ሰሞን ሐዘን ያልገባበት ቤት አለ? ሰው ለቅሶ ቤት ውሎ ወደ እኔ ቢመጣ፣ እኔም ሌላ አስከሬን ላሳየው?"

የባሰ ተናደድኩ። ያ ሞት የታሪኩ ልብ ነው፣ ልቡን አውጥተህ ቆዳውን ነው ያሳየኸው አልኩት። ስሜን ከማስታወቂያው ላይ እንዲያወጣልኝ ነግሬው ሄድኩ። እሱም ቃሌን አክብሮ አወጣው። በሳምንቱ በአደባባዩ ላይ የተለጠፈውን ሳይ፣ ስሜ በነበረበት ቦታ "በእውነተኛ ታሪክ ላይ የተመሠረተ" ይላል። ከዚያ ወዲያ ሁለታችን በመምህራን ማረፊያው በተለያየ ጠረጴዛ ሻይ መጠጣት ጀመርን። መልእክት ሲኖረው በቤተ መጻሕፍት ሠራተኛዋ በኩል ይልክልኛል። እኔም በእሷው እመልሳለሁ። ምን እያደረግን እንደሆነ የገባኝ ዘግይቶ ነው።

ወሬው ይጁቤ ለመድረስ አንድ የገበያ ቀን በቃው። አክስቴ ደወሉ። "እኔን ቲያትር አድርገሽኛል አሉ" አሉኝ። ድምፃቸው ቁጣ ይሁን ሌላ አልለይ አለኝ። እኔ አይደለሁም፣ ሌላ ሰው ነው፣ ደግሞም ሁሉን ነገር ቀያይሮታል፣ ባትመጡ ይሻላል ብዬ ዘረዘርኩ። መንገዱም አያስተማምንም አልኳቸው። አክስቴ ጨርሼ እስክናገር ጠብቀው፣ መኪና የሚወጣበትን ቀን ጠይቀው እንደሚመጡ ነግረውኝ ዘጉ።

በእሑዱ መናኸሪያ ሄጄ ተቀበልኳቸው። ጋሼ አዲስ ጋቢ ለብሰው፣ ባርኔጣቸውን ደፍተው፣ ከሚኒባሱ ቀድመው ወርደው የአክስቴን እጅ ይዘው አወረዱ። ባጃጅ ውስጥ ስንሄድ ጭንቅ ያዘኝ። ጋሼ በልጅነታቸው ዲማ ቅኔ የተማሩ ናቸው፤ ከአንድ ቃል ሁለት ነገር የሚያወጡ ሰው ናቸው፤ ቲያትሩን አይተው ስለ መጽሐፉ መጠየቃቸው አይቀርም። ስለዚህ ቀድሜ፣ እኔም በመጽሐፌ ውስጥ አንዳንድ ነገር ቀይሬ ነበር አልኳቸው።

"አውቃለሁ" አሉ ጋሼ፣ መንገዱን እያዩ። "ሞቴን አንብቤዋለሁ።"

መጽሐፉን የመንደራቸው ቄስ ልጅ ከማርቆስ አምጥታ አውሳቸው ኖሯል፤ የታተመ ዓመት። ይህን ሁሉ ጊዜ ሲያገኙኝ አንድም ቀን አላነሡብኝም። ምን አሉ ታዲያ ብዬ ጠየቅኋቸው።

"ምን እላለሁ፤ ነፍስ ይማር ብዬ ዘጋሁት።"

አክስቴ በነጠላቸው አፋቸውን ሸፈኑ። የባጃጁ ሾፌር በመስታወት አየን። እኔ ቀና ብዬ ማየት አቃተኝ።

አዳራሹ ሞልቶ ነበር። ከቀትር በኋላ ስለነበረ ሰው ከቤተ ክርስቲያን ወጥቶ፣ ምሳ በልቶ፣ ልጆቹን አስከትሎ ነው የመጣው። ሁለቱን ከፊት አስቀምጬ እኔ ከጎናቸው ሆንኩ። መጋረጃው ሲከፈት መድረኩን አላየሁም፤ የአክስቴን ፊት ነው ያየሁት። ዛፉ ሲቆረጥ እጃቸውን ጉንጫቸው ላይ አደረጉ። ነርሷ ስታኮርፍ፣ "እንዲህ አይደለም፤ እኔ አንገቴን አላዞርኩም" ብለው በሹክሹክታ አረሟት። ጎረቤቲቱ ስትገባ ግን ፊታቸው ጠቆረ። ሰዉ በየቃሏ ይንከተከታል። ጋሼ ደግሞ አገጫቸውን በዱላቸው ላይ አሳርፈው የባንክ ሠራተኛውን ያዩታል። አንድ ጊዜ ብቻ፣ እሱ በሩን በኩራት ሲደበድብ፣ ፈገግ አሉ። በመጨረሻ ሽማግሌዎቹ ድንጋያቸውን ተሸክመው ሲገቡ አዳራሹ ተነሥቶ አጨበጨበ። አጠገቤ ያሉ አንዲት ጥቁር የለበሱ ሴት እንባቸውን እየጠረጉ እልል ይላሉ። እኔም በስተኋላ መሳቄንና ማጨብጨቤን መካድ አልችልም።

ስንወጣ አክስቴ ክንዴን ያዙና "ያን የሠራውን ልጅ ቤትሽ ጥሪልኝ" አሉኝ። እንደተቀያየምን ልነግራቸው ብል ሰሚ አላገኘሁም። ሄጄ፣ በቀጥታ በራሴ አፍ፣ ጠራሁት። እሱም ያለ አማላጅ፣ ለማግስቱ ምሳ እሺ አለኝ።

እሱ እስላም ነው፣ እኛ ክርስቲያን፤ ሥጋችን አይገናኝምና ሽሮና ምስር ሠራሁ፤ ሰላጣም ጨመርኩ። በአንድ ትሪ ቀረብን። አክስቴ መጀመሪያ አጎረሱት፤ ከዚያ ወቀሱት። "ጎረቤቴ ነገር አመላላሽ አልነበረችም" አሉት። ያቺ ጎረቤታቸው በእነዚያ ሁለት ዓመታት አንድም ቃል ሳታወጣ፣ ማንንም ሳታማ፣ ቡና ሲጠጡ የሁለቱንም ስም በደግ እያነሣች ኖራ ሞታለች። ልጆቿ አሉ፣ ያያሉ። አሁን ይጁቤ ሁሉ ያቺ ሴት ነገረኛ ነበረች ሊል ነው። መምህሩ እንጀራው በእጁ ቀረ። ጎረቤቲቱን ከጭንቅላቱ እንዳወጣት፣ እውነተኛ ሰው ላይ ትወድቃለች ብሎ እንዳላሰበ ተናገረ። "ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ እማማ" አላቸው። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። ግን ጋሼን የገደልኩት እኔ ነኝና አንገቴን ደፋሁ።

ያኔ ጋሼ፣ ማንም ሳይጠይቃቸው፣ "ሽማግሌም አልመጣም፣ ሞትም አልመጣ። ሁለታችሁም አልጠየቃችሁኝም" አሉ።

እንዴት ነበር ታዲያ አልናቸው፣ ሁለታችንም በአንድ ላይ። ጋሼ እጃቸውን ታጥበው ተረጋግተው ነገሩን። ዝምታው ሰልችቷቸው ነበር። መናገር ይፈልጋሉ፤ ቀድሞ መናገር ደግሞ ሞት መሰላቸው። አህያይቱ እስካለች ድረስ ግን ሁለቱም ተመችቷቸው ሊያረጁ ሆነ። አንድ ቀን አክስቴ ወንዝ በወረዱበት አህያይቱን ፈትተው፣ ከወንዙ ማዶ ላለ አብሮ አደጋቸው ቄስ በስጦታ ሰጥተው ተመለሱ።

የአክስቴ እጅ ትሪው ላይ ቆመ። "ጅብ በላት አላልክም?"

"ጅቡ እኔ ነኝ" አሉ ጋሼ።

ስንት ዓመት የተደበቀ ነገር ነው። አዲስ ዝምታ ሊጀመር ነው ብዬ ፈራሁ፤ መምህሩም እንደ እኔ ሳይፈራ አልቀረም፤ ዓይኑ ከአንዳቸው ወደ ሌላቸው ይሄዳል። ጋሼ ግን ቀጠሉ። በዚያ ምሽት አክስቴ እራቱን አቅርበው እንደ ልማዳቸው ወደ ደጅ ብቅ አሉ። አህያ የለችም። ወደ ማድቤቱ ጎን አዩ፣ ወደ አጥሩ አዩ። ምግቡ እየቀዘቀዘ ነው። ጋሼ መደቡ ላይ ሆነው ትንፋሻቸውን ይዘው ይጠብቃሉ። አክስቴ በበሩ፣ በዚያው በዋንዛው በር፣ ተደግፈው ረጅም ጊዜ ቆሙ።

"ከዚያ 'ና ብላ' አለችኝ" አሉ ጋሼ። "ሁለት ቃል ነው። ዲማ ስንት ቅኔ ሰምቻለሁ፤ እንደዚያ ያለ አልሰማሁም።"

አክስቴ አላለቀሱም፣ አልሳቁምም። ከትሪው ጠቅልለው ለጋሼ አጎረሱ። ጉርሻው ትልቅ ስለነበረ ጋሼ ለጥቂት ጊዜ መናገር አልቻሉም። "እንኳን ሰጠሃት" አሉ አክስቴ በመጨረሻ። "ጅብ በላት ስትለኝ ሳምንት አዝኜ ነበር።"

እኔ በዚህ መሐል እጄን ጠርጌ ወደ ደብተሬ መዘርጋቴን አላወቅሁትም። ቀና ስል መምህሩም ከኪሱ እስክሪብቶ እያወጣ ነው። ተያየን። አክስቴ ሁለታችንንም አዩን።

"ሁለታችሁም እጃችሁን ወደ ወጡ መልሱ" አሉ።

መለስን። ከምሳው በኋላ ግን እንደ ተማሪ ፊታቸው ተቀምጠን ፈቃድ ጠየቅን፤ እኔ በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ። አክስቴ ከጋሼ ጋር በዓይን ተማከሩና ፈቀዱ። ለመድረኩ ሁለት ነገር አዘዙ፤ ጎረቤቲቱ ትውጣ፣ ሚስቲቱም "ና ብላ" ስትል እንዳታለቅስ፤ እሳቸው አላለቀሱምና። መምህሩ ሁሉንም ተቀብሎ፣ አህያዋን ምን ላድርጋት ብሎ ተጨነቀ። ለምን ገመዷን ብቻ አታሳይም አልኩት። ገመዱ ከመጋረጃው ጎን ተወጥሮ ይታይ፤ ሁለቱ ወደ ገመዱ ይናገሩ፤ በመጨረሻው ምሽት ገመዱ መሬት ላይ ወድቆ ይታይ። እጁ እንደገና መወናጨፍ ጀመረ። ፀሐይ እስክታዘቀዝቅ በረንዳዬ ላይ ተቀምጠን ትዕይንቱን አብረን ጻፍነው። ጋሼ አንዳንድ ቃል ያርሙናል፤ ብዙ ጊዜ ትክክል ናቸው።

በማግስቱ ሊሳፈሩ ሲሉ ለጋሼ፣ መጽሐፉ ዳግም ከታተመ መጨረሻውን አስተካክላለሁ አልኳቸው። ጋሼ መልስ ሳይሰጡ አክስቴ ቀደሙ። ማንበብ አይችሉም፤ ግን የቄሱ ልጅ እያነበበች አስጨርሳቸው ኖሯል።

"ተዪው" አሉኝ። "ያኛው ያንቺ ሰው ነው፤ ይሙት። ይሄኛው ውጭ እንጨት እየፈለጠ እኔ ውስጥ ለዚያኛው አለቀስኩለት። ከዚያ ወጥቼ ጠላ ሰጠሁት።"

ጋሼ፣ ያን ዕለት ጠላው ለምን በዝቶ እንደ ነበር አሁን ገባኝ አሉ። ሚኒባሱ ሄደ።

አዲሱ ቲያትር ሁለት ጊዜ እዚሁ ታየ፤ ከዚያ መንገዱ በተከፈተ አንድ ሳምንት ደጀን ወሰድነው። ሰዉ ሹፌርና ረዳት፣ የመንገድ ዳር ነጋዴ ነበር፤ ከውጭ የከባድ መኪና ጥሩምባ ይገባል። መምህሩ እኔን ሳያማክር እልልታውን መልሶ አስገብቶታል። ልናገረው ብዬ ሰዉን አየሁና ተውኩት። ነርሷ "ና ብላ" ስትል ግን አላለቀሰችም።

ሲያልቅ አንዲት ድንች የሚሸጡ እናት መቀነታቸውን እያጠበቁ ወደ እኔ መጡ። ጸሐፊዋ አንቺ ነሽ ወይ አሉኝ። ትንሽ አመንትቼ፣ ከጸሐፊዎቹ አንዷ ነኝ አልኳቸው።

"የእህቴን ታሪክ ማን ነገራችሁ?" አሉኝ። "እሷና ባሏ በድመት ነበር የሚነጋገሩት።"

የአክስቴ ነው ልላቸው አፌን ከፈትኩና መለስኩት። የቡድኑ ሰዎች መኪናው ሊነሣ ነው እያሉ ይጠሩኛል። አንድ ጊዜ ጠብቁኝ አልኳቸው። ከሴትየዋ አጠገብ ካለው አግዳሚ ላይ ተቀመጥኩና እህትዎና ባላቸውስ እንዴት ነበር የታረቁት ብዬ ጠየቅኋቸው።